ለጠመኔ የተላከ ሽማግሌ

ንያኩሮን፣ ጁባ
ዓርብ

ለቀድሞ ባለቤቴ፣

እንደምን ሰነበትክ? ሙቀቱስ እንዴት አድርጎሃል? እናትህ ጉልበታቸውን ተሻላቸው? እኔ፣ ጠላቴ ደስ አይበለውና፣ ደህና ነኝ።

ጋሽ ስምኦን ትናንት ቢሮዬ ድረስ መጥተው ነበር። ለጋብቻና ለዕርቅ ሽማግሌ ይላካል፤ ለጠመኔ ሲላክ ግን ያየሁት ገና ዘንድሮ ነው። ያውም ስንፋታ መሀላችን የተቀመጡትን ሰውዬ መላክህ! ወንበር ሰጥቼ ውኃ ቀዳሁላቸው። የትምህርት ቤቶቹን የጠመኔ ጨረታ ማሸነፍህን፣ የቀረህም የእኔ የምርት ደኅንነት ፊርማ ብቻ መሆኑን እንደማላውቅ ሁሉ ነገሩኝ። ያለፈው አለፈ፣ ፈርሚለት አሉኝ። የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም አልኳቸው።

ስማ እንግዲህ። ናሙናህ ናይሮቢ ተመርምሮ ውጤቱ መጥቷል። ነጩ ጠመኔ አልፏል። ቢጫው ወድቋል፤ ሊድ የሚሉት መርዘኛ ብረት ከተፈቀደው በላይ ተገኝቶበታል። ሳነበው እልል ማለት ነው የቀረኝ። በደንቡ መሠረት ሁለት ዓመት ትታገዳለህ፤ የእገዳውን ወረቀት የምጽፈው ደግሞ እኔው ነኝ። ጣቴ እንደዚህ በልቶኝ አያውቅም።

ጠመኔውን ቢጫ የሚያደርገው ያ ዱቄት የግድግዳ ቀለም ነው። ከኮኞኮኞ ገበያ በኬሻ ስታመጣው፣ አቧራው ጉሮሮዬን ሲከረክረኝ፣ ማስክና ጓንት ግዛልኝ ብዬህ ነበር። ማፊ ሙሽኪላ፣ ችግር የለም፣ ጠመኔ ማንን ገድሎ ያውቃል ብለህ ሳቅክብኝ። አራት ዓመት ከጀሶው ጋር በባዶ እጄ አቦካሁት። በእነዚያ አራት ዓመታት ሁለቴ አርግዤ፣ ሁለቴ ሆስፒታል ገብቼ ባዶዬን ተመለስኩ። አንተም ጋሽ ስምኦን ፊት ማህፀኗ ልጅ አይዝም ብለህ አሰናበትከኝ። አቀርቅሬ ወጣሁ፤ እኔም አምኜህ ነበር።

አምና መሥሪያ ቤቴ ይህንን ደንብ እንድማር ካምፓላ ላከኝ። ሊድ ጽንስ እንደሚያስወርድ አስተማሪዋ ስታስረዳ አዳራሹን ጥዬ ወጣሁ። ከዚያ ቀን ጀምሮ የአንተን ናሙና ስጠብቅ ነበር።

ማክሰኞ ጀበል ሰፈር ያለውን ዎርክሾፕህን ልንፈትሽ ስንመጣ አንተ አልነበርክም። አዲሷ ሚስትህ አምለሰት ነበረች። ቢጫው እስከ ክርኗ ደርሷል፤ ሆዷ ቀሚሷን ገፍቶታል። ማን እንደሆንኩ ሳታውቅ፣ እህቴ ተቀመጪ፣ ደክሞሻል አለችኝ። ተቀመጥኩ። ምንም አልነገርኳትም። ኃጢአቴ ይኸው ነው፤ ሦስት ቀን ዝም አልኩ። ትቅመሳት፣ እሱም ባዶ ቤቱን ታቅፎ ይቀመጥ አልኩ። እንዲህ ማለቴ ለእግዚአብሔርም ለእኔም የሚከብድ ነው፣ ግን ብዬዋለሁ። ትናንት ጋሽ ስምኦን ሲሄዱ፣ ልጅ ሊወለድለት ነውና አትጨክኚበት አሉኝ። እንቅልፍ የነሳኝ ግን የእሳቸው ልመና ሳይሆን አምለሰት እህቴ ያለችኝ ነው።

ፊርማዬን አታገኝም። ጳጳስ ብትልክም አልፈርምም። አምለሰትን ግን ይህን አንብበህ ሳትጨርስ ከዚያ ክፍል አውጣት። ልብሷን ትቀይር፣ እጇን ትታጠብ፣ ነገ ጠዋት ሐኪም ዘንድ ሄዳ ደሟ ይመርመር። የሐኪሙን ስልክ አያይዤልሃለሁ፤ ስለእሷ ነግሬዋለሁ። ለምን ስትልህ በራስህ አፍ ንገራት፤ ከእሷ በፊት ማን እንዳቦካውም፣ ያቺን ምን ብለህ እንዳሰናበትካትም ጨምረህ ንገራት። እኔ ከአንተ የምፈልገው ካሳ ይህ ብቻ ነው።

እሷን ማርያም በሽልም ታውጣት። ለአንተ የሚሆን ምርቃት ገና አልመጣልኝም።

የሁለቱ ልጆችህ እናት