የኤልፒዲዮን መስኮት ማን አስከፈተው

እኔ ኦኖሪና ሮባይና፣ የሟቹ የኤልፒዲዮ ሚስት፣ ዕድሜዬ ሰማንያ አንድ ዓመት ሲሆን፣ ዛሬ ሰኞ ማርች 11 ቀን 2019፣ ከረፋዱ አራት ሰዓት ላይ፣ በሃያሊያ ከተማ ከምግብ ቤታችን ጀርባ ባለችው መኝታ ክፍሌ ሆኜ ይህን የመጨረሻ ቃሌን እሰጣለሁ። የምትጽፍልኝ ጠበቃዋ ማይቴ ናት። ምስክሮቼ ጡረታ የወጣው ፀጉር አስተካካይ ጉመርሲንዶና ጎረቤቴ ልብስ ሰፊዋ ሴናይዳ ናቸው። አእምሮዬ ሙሉ ነው። ሐኪሙ ልብሽ ደክሟል ብሎኛል፤ ይድከም፣ በእነዚህ ልጆች ያልደከመብኝ ምን አለ! ያስገደደኝም ሆነ ያባበለኝ ሰው የለም፤ ማን ደፍሮ!

አንደኛ፤ ቀብሬ ከባሌ ጎን ይሁን። ሰማያዊውን ቀሚሴን አልብሱኝ። ልጄ ኒዩርካ የገዛችልኝን ቡናማውን አደራ እንዳታለብሱኝ፤ ከረጢት ነው የሚመስለው።

ሁለተኛ፤ ትልቁ የቦሎቄ ድስት የልጄ የራውዴል ነው። ወጥ ቤቱን ከያዘ ስንት ዓመቱ፤ እጁ የአባቱ እጅ ነው። ግን ስኳር ያበዛል። ጥቁር ቦሎቄ ላይ ቁንጥር ስኳር አልኩ እንጂ ማር አስመስለው አላልኩም። ቁሌቱንም አያቻኩል፤ ሽንኩርቱ ሳይበስል ነጭ ሽንኩርት እየጨመረ ስንቴ አንገበገበኝ!

ሦስተኛ፤ የቅዱስ አልዓዛር ምስል የኒዩርካ ነው። በየማለዳው የመጀመሪያውን ስኒ ቡና እፊቱ የምታስቀምጠው እሷ ናት። እኔ ስረሳው እንኳ እሷ ረስታው አታውቅም።

እዚህ ላይ ጉመርሲንዶ ጣልቃ ገባ።

«የዶሚኖ መጫወቻው ጠረጴዛስ? ለኔ ነው አላልሽም ነበር?»

«አንተ ምስክር ነህ። ምስክር ባይወርስ ይሻላል ብላ ማይቴ አሁን አይደል የነገረችህ?»

«ታዲያ ምነው ሌላ ሰው በጠራሽ!»

ይህም ይጻፍ ብያለሁ፤ ከምን ዓይነት ሰው ጋር እንደምውል ይታወቅልኝ።

አራተኛ፤ ምግብ ቤቱን ከነቡና መስኮቱ ለሁለቱም ልጆቼ እኩል አውርሻለሁ፤ ተቆርሶም አይከፈልም። ማይቴ «አይነጋገሩም እኮ እማማ፤ ዓመት ሳይሞላ ይሸጡታል» አለችኝ። አውቃለሁ! የሚያቃጥለኝም እሱ ነው። ራውዴል ምድጃው ላይ፣ ኒዩርካ ለመንገደኛው ቡና የሚቀዳበት መስኮት ላይ፤ በመካከላቸው አራት እርምጃ እንኳ የለም። አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ የሚነጋገሩት በወረቀት ነው። «አንድ የአሳማ ጥብስ በካሳቫ» ብላ ጽፋ ትሰካለች። ከሙን ሲያልቅበት እሱም ጽፎ ይሰካል። «ለእህትህ ንገራት፣ ለወንድምሽ ንገሪው» ስል አፌ ተላጠ። ደንበኛው ሁሉ ተሰልፎ ቡናውን እየጠጣ ያያቸዋል። ወይ ጉድ! አንድ ቀን እንኳ አላፈሩም።

አምስተኛ፤ የጠቡ ምክንያት ይኸው ነው። ኤልፒዲዮ በሚቀበርበት ዋዜማ ራውዴል የምግብ ቤቱን በር ቆልፎ ጥቁር ጨርቅ አንጠለጠለበት። እሱ ከሬሳው ጋር አድሮ ሳይመለስ ኒዩርካ በማለዳ የቡና መስኮቱን ከፈተች። ራውዴል የአባቱን ክራባት ሊወስድ ቢመጣ፣ ሰዉ ስኒውን ይዞ ተሰልፏል፤ አንዱም ይስቃል። «የአባታችን ሬሳ ሳይወጣ ገበያ ከፈትሽ?» አላት እሰው ፊት። አልመለሰችለትም።

ኋላም ሳትነግረው የቀረችው እኔ ስላስማልኳት ነው። ሂጂ ክፈቺ ብዬ ቁልፉን በእጇ ያስያዝኳት እኔ ነኝ። ኤልፒዲዮ በሠላሳ አንድ ዓመት ውስጥ ያን መስኮት ለአውሎ ነፋስ ካልሆነ ዘግቶት አያውቅም፤ ተዘግቶ ማየት አቃተኝ። ራውዴል ሽርጡን ከተሰቀለበት አንሥቶ ወርውሮ «ይህን ያደረገ ሰው ዘመዴ አይደለም» ሲል ግን ፈራሁ። ባሌን በምቀብርበት ቀን ልጄንም ላጣ ነው ብዬ ፈራሁ። ኒዩርካን «እስኪበርድለት ዝም በዪ» አልኳት። አልበረደለትም። እሷም ዝም እንዳለች ቀረች። የኔን ጥፋት ተሸክማ ቡና ስትቀዳ እያየሁ፣ ሁለቱንም ስሰድብ ኖርኩ። ልጄ ኒዩርካ፣ ይቅር በይኝ።

ይህ አንቀጽ ከሞትኩ በኋላ ለራውዴል ይነበብለት ስል፣ ሴናይዳ የምትሰፋውን ጨርቅ ከጉልበቷ ላይ አነሣች።

«ከሞትሽ በኋላ? ያኔ ማንን ይቆጣ? መቃብርሽን ይርገጥ?»

«አንቺ ዝም ብለሽ መስክሪ!»

«የምመሰክረው ይኸውልሽ፤ ፈሪ ነሽ። ልጁ ከግድግዳው ማዶ ሽንኩርት እየከተፈ ነው።»

ማይቴ ይህንንም ጽፋዋለች። ይቆይ፤ እውነት ነው።

ስድስተኛ፤ ራውዴልን አስጠራሁት። ሽርጡን እንዳገለደመ መጣ። ከላይ የተጻፈውን ራሴ ነገርኩት።

«አሥራ አንድ ዓመት፣ እማዬ?»

«አዎ።»

«ኒዩርካ ታውቃለች?»

«ዝም ያሰኘኋት እኔ ነኝ አልኩህ እኮ!»

ይጮህብኛል ብዬ ነበር። እጁን በሽርጡ ጠርጎ አየኝ፤ ከዚያ በሩን ሳይዘጋ ወጣ። ይቅር ብሎኛል አልልም፤ አላለኝም።

አሁን ይህን በማስጽፍበት ሰዓት ከወዲያ የሁለቱ ድምፅ ይሰማኛል።

«ለምን አልነገርሽኝም? አፍ የለሽም?»

«መቼ ጠየቅከኝ? አንተ ደረቅ!»

«ደረቅ ያልሽው እኔን ነው?»

«ሌላ ማን አለ? ልንገርህ እያልኩ ስመጣ ጀርባህን ነው ያሳየኸኝ፣ አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ ጀርባህን!»

ጉመርሲንዶ ያለቅሳል፤ የሽማግሌ ለቅሶ ደግሞ ሲያናድድ! ቦሎቄው እያረረ ነው፤ ሽታው እዚህ ድረስ ገብቷል። በዚህ ቤት አንድም ቀን ቦሎቄ አርሮ አያውቅም። ማይቴ ሄዳ ልትነግራቸው ብድግ አለች። ተቀመጪ አልኳት። ይረር።

ተናዛዥ፦ ኦኖሪና ሮባይና (ፊርማ)

ይህ ቃል ሲነገር ሰምተናል፤ ሌላውም ሲሆን በጆሯችን ሰምተናል። ተናዛዧ በፊታችን ፈርማለች፤ እኛም በፊቷ ፈርመናል።

ጉመርሲንዶ ካርባሌዳ (ፊርማ)
ሴናይዳ ፓድሮን (ፊርማ)