ከተራራው ወዲህ ወይስ ወዲያ

ሳን ሆዜ፣ መጋቢት 1987 ዓ.ም.

ውድ ልጄ ፀደይ፣

እናትሽን አቃጥለሽ አመዷን ከማታውቂው ወንዝ ደፋሽው። የበደልሽኝ በደል ይኸው ነው። ሌላ ስም አልሰጠውም። ስልኬ ላይ በምትተዪው መልእክት «አለመግባባት ነው» ትያለሽ። አለመግባባት ሁለት ሰው ተነጋግሮ ሳይግባባ ሲቀር ነው። እኔን ማን አነጋገረኝ?

ይህን የምጽፍልሽ አንድ ጊዜ ብቻ ነው። አማርኛው ከከበደሽ ቀስ ብለሽ አንብቢው እንጂ እዚያ አንቺ የምትኖሪበት ኦክላንድ ያለ ሰው ሁሉ እንዲያነብልሽ አትስጪ። ፊደል ያስቆጠረችሽ እናትሽ ናት፤ ይበቃሻል።

ባለፈው ሐምሌ ወንድሜን ደምሴን ላስታምም ደብረ ሲና ሄድኩ። እጄ ላይ ዐረፈ። ቄስ ፈታው፣ ዕድርተኛው ተሸከመው፣ ዝናብ እየወረደብን አፈር አለበስነው። በዚያው ሰሞን የእናትሽ ልብ እዚህ በድንገት ቆመ። አንቺ አዲስ አበባ ለወንድሜ ልጅ ለንጉሤ ደወልሽ። እሱም «ለጋሼ ይነገራቸዋል፤ አንቺ ብቻ አይዞሽ» አለሽ። ንጉሤን አልወቅሰውም። ሐዘን ላይ ለተቀመጠ ሰው ሌላ ሐዘን አይደረብም፤ መርዶ ቀን ተመርጦ፣ ዘመድ ተሰብስቦ፣ በማለዳ ነው የሚነገረው። እሱ ያደረገው ያገሩን ደንብ ነው። እኔ ድንኳን ውስጥ ለደምሴ ሳለቅስ ለእናትሽ ለአመለወርቅም ማልቀስ እንደነበረብኝ አላወቅኩም። አንቺ ግን ዝምታዬን እሺታ አደረግሽው። «አውቀህ አኩርፈህ መስሎኝ ነው» አልሽኝ በኋላ። ሰው ሚስቱ ስትሞት ያኮርፋል?

መርዶዬን ሰምቼ ስመለስ ሳን ፍራንሲስኮ አየር ማረፊያ ጥቁር ለብሰሽ ቆመሽ ነበር።

«የት ነው ያሳረፍሻት?» አልኩሽ።

«አባዬ፣ መኪና ውስጥ እናውራ።»

«የት ነው አልኩሽ።»

«ወንዝ ውስጥ» አልሽ። «እሷ ናት እንደዚያ ያለችው። ሺ ሚንት ኢት።»

እንደዚያ ባለችበት ቀን እኔም ነበርኩ። ሳንታ ክሩዝ፣ የሳን ሎሬንዞ ወንዝ ባሕሩን በሚቀላቀልበት ቦታ፣ አሸዋው ላይ ተቀምጠን ነበር። ካርታ ማንበብን እንደ ፊደሉ ሁሉ ብቻዬን ነው የተማርኩት፤ ኒውአርክ መጋዘን ስሠራ በምሳ ሰዓት። የዚያን ቀንም ካርታዬን ዘርግቼ ወንዙ ከየትኛው ጋራ እንደሚነሣ፣ ዛያንቴ የሚባለው ገባር የት ላይ እንደሚገባበት አስረዳችሁ ነበር። እናትሽ ጫማዋን አውልቃ እግሯን ውኃው ውስጥ ነከረች።

«ይቺ ወንዝ ታድላ!» አለች። «ማንም ሳይነዘንዛት ቁልቁል ወርዳ ባሕሯን ትገባለች። እኔንም ስሞት ወንዝ ውስጥ ጨምሩኝ። አባትሽ ካርታውን ዘርግቶ እስኪያገኘኝ ድረስ እንኳ እገላገላለሁ።»

«ምቀኛሽ ይሙት!» አልኳት።

አንቺ «ኦኬ፣ ማሚ» አልሽ። ሦስታችንም ሳቅን።

እናትሽ ወጥ ሲያርርባትም ሞቷን ትጠራ ነበር። ጉልበቷን ባመማት ቁጥር «ምነው አንዴ በገላገለኝ» ትል ነበር። አንድም ቀን ኑዛዜ ነው ብዬ አልያዝኩባትም። እንዲህ ለሚል ሰው መልሱ «ምቀኛሽ ይሙት» ነው፤ «ኦኬ» አይደለም። አንቺ ግን «ዓይኗን አይቻለሁ፣ ከልቧ ነበር» ብለሽ ትከራከሪኛለሽ። እኔ ደግሞ አንቺ ሳትወለጂ ጀምሮ አውቃታለሁ፤ ቀልዷን ነበር። ማን ይዳኘን? ዳኛዋ ራሷ ነበረች።

እሺ፣ ከልቧ ነበር እንበል። ያለችው ባሕር ነው። አደረስሻት?

በታኅሣሥ ቦታውን አሳዪኝ ብዬሽ ይዘሽኝ ወጣሽ። መንገድ ላይ ነገሩን ሁሉ ነገርሽኝ። አመዷን የደፋሽ ቀን መጀመሪያ የአመዷን ሣጥን ይዘሽ ሳን ሎሬንዞ ባሕር የሚገባበት አፍ ድረስ ወርደሽ ነበር። ሐምሌ ስለሆነ ዳርቻው በዋናተኛ ተሞልቶ፣ ሙዚቃ ይጮኻል፣ ሕፃናት አሸዋ ይቆፍራሉ። አፈርሽ። ማፈርሽን አልጠላሁትም። ወደ ቤትሽ ለመመለስ ሰቨንቲን በሚባለው አውራ ጎዳና ሽቅብ ወጣሽና ከተራራው ጫፍ አካባቢ ከዋናው መንገድ ታጠፍሽ። በጠመዝማዛው ዞረሽ ዞረሽ፣ ሰው የሌለበት ትንሽ ድልድይ ስታገኚ ቆምሽ።

ያን ድልድይ ፍለጋ ስንቴ ከመኪናው እንደወረድን ታስታውሻለሽ።

«እዚህ ነው?»

«አይ ቲንክ ሶ።»

«ቲንክ አልጠየቅኩሽም!»

«አባዬ፣ ያኔ ውኃው ትንሽ ነበር። አሁን ብዙ ነው። ትልቅ ሬድውድ ዛፍ ነበረ።»

«ተራራው ሁሉ ሬድውድ ነው፣ ልጄ! ጫፉን አልፈሽ ነበር ወይስ አላለፍሽም?»

«አላውቅም።»

«መንገዱ ሽቅብ ነበር ቁልቁለት?»

«እያለቀስኩ ነበር» አልሽኝ።

ከዚያ በኋላ አልጠየቅኩሽም። ቤቴ በር ላይ አውርደሽኝ ሄድሽ፤ ግቢ አላልኩሽም።

ለምን እንደዚያ እንደጨቀጨቅኩሽ አልገባሽም ነበርና ልንገርሽ። እዚያ ተራራ ጫፍ ላይ የሚዘንብ ዝናብ ሁለት ቦታ ይከፈላል። ወዲያ የወረደው ዛያንቴን ይይዛል፣ ዛያንቴ ሳን ሎሬንዞ ይገባል፣ ሳን ሎሬንዞ ባሕር ይገባል። ወዲህ የወረደው ሎስ ጋቶስ ክሪክን ይይዝና ሌክሲንግተን ግድብ ላይ ይቆማል። ከግድቡ የተለቀቀው ሳን ሆዜን ያቋርጣል፤ እኔ ቤት አጠገብ ባለው ድልድይ ሥር አልፎ የጓዳሉፔን ወንዝ ይቀላቀላል፤ ጭቃው ግን እዚያው ግድቡ ሥር ይቀራል። ድልድይሽ ከጫፉ ወዲያ ከነበረ እናትሽ እንዳለችው ባሕሯን አግኝታለች። ወዲህ ከነበረ ግን የሌላ ሰው ግድብ ሥር፣ ደለል ውስጥ ተቀብራለች። ሁለቱን የሚለያቸው የአንዲት መንገድ ኩርባ ነው። ያቺን ኩርባ ደግሞ አንቺ አታስታውሻትም።

ቤተ ክርስቲያን ሴቶቹ ተዝካሯን ሲያስቡ «መቃብሯ የት ነው? አበባ እናስቀምጥላት» ይሉኛል። «ሩቅ ነው» እላቸዋለሁ። ውሸት አልተናገርኩም።

በዚህ ወር ጓዳሉፔ ሞልቶ መሐል ከተማው ሲጥለቀለቅ በቴሌቪዥን አይተሽ ይሆናል። ግድቡም ሞልቶ ይፈሳል ሲባል ሰማሁ። ነጠላዬን ለብሼ ወደ ድልድዩ ወጣሁ። ውኃው ጎማና የዛፍ ግንድ እያንከባለለ፣ ጭቃ መስሎ ይወርዳል። እዚያ ግድብ ሥር ያለ ነገር ካለ፣ የሚነሣው ዛሬ ነው ብዬ ነው። ጎረቤቴ ተክለጻድቅ ታክሲውን አቁሞ መስኮቱን ዝቅ አደረገ።

«ጋሼ፣ ምን ጠፍቶብዎት ነው?»

«ምንም።»

«ምንም ለማየት በዚህ ዝናብ? ይግቡ ላድርስዎት፤ ጉንፋን ሲይዝዎት ምንም አላየሁም ቢሉት አይሰማዎትም።»

«ሂድ ሥራህን ሥራ» አልኩት። ሄደ።

ነጠላዬን አጣፍቼ፣ ለመቃብር እንደሚቆም ሰው ቆምኩ። አባታችን ሆይን ጀመርኩ። መሐሉ ላይ፣ ወዲያ ቢሆንስ አልኩ። ሳንታ ክሩዝ ወርዳ ከሆነ እኔ ለማን ነው የቆምኩት? ጸሎቱን ሳልጨርስ አቋረጥኩ። በማግስቱ በአውቶቡስ ሳንታ ክሩዝ ወርጄ ሳን ሎሬንዞ አፍ ላይ ቆምኩ። እዚያም ያው ሆነብኝ፤ ወዲህ ቢሆንስ አልኩና እዚያም አልጨረስኩትም። በዕድሜዬ ሙሉ የጀመርኩትን ጸሎት አቋርጬ አላውቅም ነበር።

«እማዬ ሁሉም ቦታ አለች» ያልሽውን ቃል ሰምቼዋለሁ። የትም አለች ማለት ለእኔ የትም የለችም ማለት ነው። ሰው አንድ ቦታ ያስፈልገዋል፤ ጉልበቱን የሚያጥፍበት።

ስለዚህ ፍለጋውን ትቻለሁ። ካርታውን አጥፌ አስቀምጬዋለሁ፤ ሁለተኛ አልዘረጋውም። እሷም ያለችው ይኸንኑ ነበር፤ ካርታ ዘርግቶ እስኪያገኘኝ። አላገኘኋትም።

እኔ ስሞት አፈር ውስጥ ቅበሪኝ። ድንጋዬ ላይ የእኔን ስም ብቻ አስቀርጪ፤ የእሷን ከጎኔ አትጨምሪ። የሌለችበትን አለች አይባልም። ይህን በቀልድ አላልኩትም፤ እንዳይጠፋሽ ብዬ ጻፍኩት።

ብትመጪ በሩን እከፍትልሻለሁ። ራት ካለ ትበያለሽ። ስለ ሥራሽ እጠይቅሻለሁ፣ ስለ ዝናቡም እናወራለን። እናትሽ የት እንዳለች ግን አንቺም እንዳታነሺብኝ፤ እኔም ከዛሬ ወዲያ ከአፌ አላወጣውም።

አባትሽ
ገዛኸኝ