ግድግዳው ላይ ያለው ታንኳ

ለልጄ ለተስኒም፣ ጅዳ፤

አላህ በሰው አገር ክፉ አያሳይሽ፤ የሟች እናትሽ ዱዓ ይከተልሽ። እኔ ደኅና ነኝ፤ ደረቴን ብቻ ያፍነኛል። የሐይቁን ዳር አጥረው ወስደውብናል፤ ለታንኳ የሚሆን ደንገል ፍለጋ ሩቅ እሄዳለሁ።

ለሐጅ ይምጡ ያልሽኝን አልረሳሁም። ለፓስፖርቱ ብዬ መታወቂያ ላወጣ ሄድሁ። ጸሐፊው «ብሔርዎ?» አለኝ። «ነገደ ወይጦ» አልሁት።

«አባባ፣ ኮምፒዩተሩ ላይ የለም። ‹ሌላ› ልበልዎ?»

ከኋላው ግድግዳ ላይ የታንኳ ፎቶ ተሰቅሏል፤ የሚቀዝፈው እኔ ነኝ።

«ዓሣችንን ስትበላ ታውቀን የለም?» ብዬው ወጣሁ።

ወንድምሽ አብዱልበሲጥ «አባ፣ ምን አለበት፣ ‹ሌላ› ይበሉዎትና ይሂዱ» ይለኛል። እናትሽ ስማችን ይጻፍልን ብላ ከቢሮ ቢሮ ስትንከራተት ነው የሞተችው። እኔ «ሌላ» ተብዬ ካዕባ ፊት አልቆምም። ስለዚህ አልመጣም፣ ልጄ። ዓይንሽን ሳላይ እንደምሞት አውቄዋለሁ።

አታልቅሺ። አንድ ነገር ብቻ አድርጊልኝ፤ አረፋ ተራራ ላይ ቆመሽ ዱዓ ስታደርጊልኝ «ሙሔ፣ የነገደ ወይጦው» በይ። ጮክ ብለሽ በይው፣ አጠገብሽ ያሉት ይስሙ።

አላህ በሰላም ያኑርሽ።

አባትሽ ሙሔ