ባለጋራህ አንተን ሲሆን

አባዬ፣ የኔ ቁጡ፣

ከተለያየን ሁለት ክረምት አለፈ። እማዬ ደህና ናት። ጉልበቷን ያማታል፤ ጾሙን ቀነስ አድርጊ ብንላት ግን ወይ ፍንክች። ያ ተናካሽ ውሻህ አርጅቶ ለመጣው እንግዳ ሁሉ ጅራቱን ይቆላል፤ ብታየው ታፍርበት ነበር።

እኔም ያው አዲስ አበባ ነኝ፣ ሥራዬም ያው ነው። «ፊልም ትሠራለች ይሉኛል፣ ፊልሙ ላይ ግን አላያትም» እያልክ ትስቅብኝ ነበር። ታሪኩ ተጽፎ ሲመጣ እናትየዋን ማን ትሁን፣ ሌባውን ማን ይሁን ብዬ ሰው ፈልጌ የማመጣው እኔ ነኝ። ሲሳካ ተዋናዩ ይመሰገናል፤ ሳይሳካ ማነው ይሄን ያመጣው ይባላል። ስሜም የሚያልፈው ሰዉ ከወንበሩ ተነሥቶ ሲወጣ ነው።

ዘንድሮ የደረሰኝ ታሪክ ልጁን ወደ ከተማ ስለሚሸኝ የመንዝ ገበሬ ነው። ገና ሳነበው አንተ ታየኸኝ። ስንቱን ተዋናይ ሞከርኩ መሰለህ! ጺሙን ያሳደገው፣ ድምፁን ያጎረነነው፤ አንዱማ የሱፍ ባናውን እንደ ነጠላ አጣፍቶት ቁጭ አለ። ከሁሉ የከበደኝ ሽኝቱ ነው። አባትየው አንዲት ቃል አይናገርም። እኔ ደግሞ አባት ልጁን ሲሸኝ ምን እንደሚሆን አላየሁም። መጀመሪያ ከመሐል ሜዳ ወደ አዲስ አበባ የተሳፈርኩ ቀን የፍርድ ቤት ቀጠሮ አለብኝ ብለህ በማለዳ ወጣህ። መናኸሪያ ድረስ መጥታ ያለቀሰችልኝ እማዬ ብቻ ናት። ከኔ ሙግትህን መረጥክ ብዬ ተቀየምኩህ፤ አንድም ቀን አንስቼብህ አላውቅም እንጂ ከሆዴ አልወጣም ነበር።

እንግዲህ ሰው ፍለጋ አገር ቤት መጣሁ። ገበያውን ዞርኩ፣ ከቅዳሴ በኋላ ከቤተ ክርስቲያኑ በር ቆምኩ። ሽማግሌዎቹ ሲያወሩ ወርቅ ናቸው፤ ስልኬን ስደቅንባቸው ግን ለመታወቂያ ፎቶ እንደሚነሣ ሰው ድርቅ ይላሉ። ተስፋ ቆርጬ ልመለስ ስል ጋሽ ደምሴን አገኘኋቸው።

አትቆጣ፣ እስክጨርስ ስማኝ። አዎ፣ ያው ባለጋራህ፣ በአንድ ወሰን ስትካሰሱ ያረጃችሁት። ጠዋት አብራችሁ ወደ ችሎት ትወርዱ፣ ዳኛ ፊት ስትዘላለፉ ትውሉ፣ ማታ አንድ ስንቅ እየበላችሁ ትመለሱ ነበር። አገሩ ሁሉ ይስቅባችሁ ነበር።

ልጃቸው ልትሄድ እንደሆነ አስበው ዝም እንዲሉ ብቻ ነገርኳቸው። ባናቸውን ወደ ግራ ትከሻቸው ወረወሩ፣ ጉሮሯቸውን ጠረጉ፣ በከዘራቸው መሬቱን መታ መታ አደረጉና አንገታቸውን ደፉ። ኧረ አንተ! ራስህ ነበርክ እኮ! ስልክ መያዜን ረሳሁት። ያን ሁሉ ዓመት ፊት ለፊት ቆመው ሲሟገቱህ አጥንተውህ ኖሯል።

እማዬ ስትሰማ ቱግ አለች። ከሞተ በኋላ እንኳ አያሳርፉትም ወይ ብላ ጮኸችብኝ። የቀረጽኩትን አሳየኋት። አየችውና ድገሚልኝ አለች። ደገምኩላት። ከዚያ ጓዳ ገብታ ያንተን ባና ይዛ ወጣች፤ የሳቸው ሳስቷል፣ ይበርዳቸዋል አለች።

የቀረጻው ቀን፣ እዚያው መሐል ሜዳ መናኸሪያ፣ ዳይሬክተሩ ጋሽ ደምሴን አውቶቡሱ አጠገብ ቆመው እንዲሸኙ ነገራቸው። እሳቸው እቴ! ሄደው ከመናኸሪያው ማዶ ካለው ወፍጮ ቤት ግድግዳ ኋላ ተደበቁ። ካሜራው ሲፈልጋቸው፣ አንገታቸውን ብቅ አድርገው፣ ባናህን አፋቸው ላይ ጭነው፣ አውቶቡሱን በዓይናቸው ሲከተሉ አገኛቸው። ዳይሬክተሩ ተቆጣ። እሳቸው ግን ወደኔ ዞረው፣ እኔ የማውቀው አባት ልጁን የሸኘው እንዲህ ነው አሉ።

እዚያው ቆመው ነገሩኝ። ቀጠሮው እውነት ነበር። አንተ ግን እንባዬን ካየች ትቀራለች ብለህ ከዚያ ግድግዳ ኋላ ቆምክ፤ አውቶቡሱ ጋራውን እስኪዞር አልንቀሳቀስ አልክ። ጋሽ ደምሴ ትተውህ ቢሄዱ ፍርዱ የሳቸው ነበር፤ እንደዚያ ሆነህ ጥለውህ መሄድ አልሆነላቸውም። ሁለታችሁም ቀራችሁና መዝገቡ ተዘጋ፤ በሳምንቱ እንደ አዲስ ተካሰሳችሁ። ለማንም እንዳይናገሩም አስምለሃቸው ነበር። መሐላው ላንተ ነበር፣ አሁን እግዜር ይፍታኝ አሉ።

ምነው አባዬ፣ ምናለ አንድ ጊዜ ብቅ ብትል ኖሮ? ደግሞ አውቅሃለሁ፣ ብቅ ብትል እውነትም እቀር ነበር።

ባናህን ሊመልሱ መጥተው ነበር፤ እማዬ ብርዱ እስኪያልፍ ይልበሱት ብላ መለሰቻቸው። ለእሑድም ምሳ ጠርታቸዋለች፤ ስለ ወሰኑ ግን አንድ ቃል እንዳይተነፍሱ አስጠንቅቃለች።

ትናንት ወደ አዲስ አበባ ስመለስ በወፍጮ ቤቱ በኩል ባለው መስኮት ተቀመጥኩ። ጋራውን እስክንዞር ድረስ እጄን አውለበለብኩልህ፤ አጠገቤ ያለው ሰውዬ ማንን ነው ብሎ አንገቱን አሰገገ። አባቴን ነው አልኩት። ከእንግዲህም በተሳፈርኩ ቁጥር የምቀመጠው በዚያ በኩል ነው።

የሸኘኻት ልጅህ