ላላ ያለች ቁልፍ

ጥር 3

ለሚመለከተው ሁሉ ይታወቅ ዘንድ፦ ጠዋት የጠፋው መነጽሬ ከምሳ በኋላ በገዛ ግንባሬ ላይ ተገኝቷል። ቤቱን የበረበሩት ልጄና ልጇ ይመሰገናሉ። ልጄ ግን አኩርፋለች።

"አባባ፣ እያየህ ነው ያስለፋኸን!"

በምን ልየው? መነጽር የለኝ...

የልጅ ልጄን ካፖርት ቆርጫለሁ። እሑድ ትሄዳለች። ለሥራ፣ ሩቅ አገር። ብርዱ አጥንት ድረስ ይገባል አሉ።

ጥር 5

ስሰፋ ሬዲዮው ያንን ዘፈን ለቀቀው። ከስንት ዘመን በኋላ!

የልብስ ሰፊ እግር ዘፈን ይከተላል። ሲፈጥን ፔዳሉ ይፈጥናል፣ ሲያዘግም ያዘግማል። ይኼኛው ደግሞ መሃል ላይ ዝም ይላል... እግሬም ቆመ። ክሩ ተበጠሰ። የልጅ ልጄ በር ላይ ሆና ታየኛለች ለካ።

"አባባ፣ ምን ሆንክ?"

"ክር ተበጠሰብኝ።"

"ክር ያስለቅሳል?"

"የዘንድሮ ክር ያስለቅሳል።"

መች ለቀቀችኝ! ነገርኳት። አያቷን ከማግባቴ በፊት ነው። አንዲት ልጅ ካፖርት ልታሰፋ መጣች። ስለካት ሱቁ ውስጥ ያ ዘፈን ነበር። ወደድኳት። እሷ ግን ባሕር ማዶ ሄደች።

"አትሂጂ አላልካትም?"

"አንዷን ቁልፍ ላላ አድርጌ ሰፋኋት። ስትወልቅባት ለማስጠገን ትመለሳለች ብዬ።"

"ተመለሰች?"

"እዚያም ልብስ ሰፊ አለ ለካ!"

ሳቀች። ሳቅኩ።

ጥር 7

ካፖርቱን ለካች። ልክክ አለ። እናቷ ኮሌታውን አሥር ጊዜ ታቃናለች... ምኑ ጠምሞ? መቼ ትመለሻለሽ ብሎ የሚጠይቃት የለም። ወሬያችን ሁሉ ሻንጣ ነው።

እናቷ ወጣ ስትል ልጅት ወደ ጆሮዬ ተጠጋች።

"አባባ፣ የኔንም አንዷን ላላ አድርጋት።"

"ሙያዬን ልታሰድቢ?"

"በሞቴ።"

እሺ አልኳት። ምን ልበል?

ጥር 9

ሄደች። ቤቱ ሰፋብን። ልጄ ሳልጠይቃት መነጽሬን አምጥታ ሰጠችኝ። ቀልድ አማረኝ፣ አልመጣልኝም።

ለራሴ ልጻፈው እንጂ... ዘፈኑ እውነት ነው። ያቺም ልጅ እውነት ናት። ላላ ያለችው ቁልፏ ግን የኔ ፈጠራ ናት። ያኔ ሁሉንም በድርብ ክር፣ ጥርቅም አድርጌ ነው የሰፋሁት። ብርድ አገር ለምትሄድ ሰው ማን ያላላል?

በዕድሜዬ ቁልፍ አላልቼ የሰፋሁት ትናንት ብቻ ነው። እሱንም የታችኛዋን። ደረቷን ብርድ እንዳይመታት።