የፈረንጁ ጣዖትና የእኛ ዋርካ

ግንቦት ፪ ቀን ፲፱፻፶፰ ዓ.ም.፣ ደብረ ማርቆስ

አብሮኝ የሚያስተምረው ፈረንሳዊ ዛሬም ፈረንሳይ ስላለው የትውልድ መንደሩ የጥንት ጣዖት ሲያደርቀኝ ዋለ። በሮማውያን ዘመን ያመልኩት ነበር አለ። ማስረጃው ስሙ የተቀረጸበት አንድ ድንጋይና የስለት ዕቃ ነው የሚለው ስባሪ ገል ነው።

«በአንዲት ገል?» ብዬ ሳቅሁበት።

«ዕቃ በእግሩ አይመጣም፤ ያመጣው ሰው አለ» አለኝ።

የድንጋይ አምላኪ ዘር! እኔ የቄስ ልጅ ነኝ፤ እኛ ቤት እንዲህ ያለ ጉድ የለም አልሁት።

ወደ ቤት ስመለስ ወንዙ ዳር ያለው ዋርካ በቅቤ ወዝቷል። ትናንት ልደታ ነበር። እነዚህ መሃይሞች እያልሁ ቀረብሁ። ከሥሩ የቅቤ ቅል ተቀምጧል፤ ስንጥቁ በቀይ ክር ተሰፍቷል።

ያን ስንጥቅ ለእናቴ የሰፋሁላት እኔ ነኝ።