ሚኒስትሩና የማኅበራችን ወጥ ቤት

የካቲት 6
ከከተማው ዳር ኦቤትስ ካለው የምሠራበት መጋዘን ዘጠኝ ሰዓት ላይ ወጣሁ። እግሬ አብጧል። መኪና ውስጥ ንግግሬን ሳሰላስል መጣሁ… በወሩ መጨረሻ በዚህ በስደት አገር ባለው የሐበሻ ማኅበራችን አዳራሽ ስለ አንድ ጀርመናዊ የሊበራል ፓርቲ የኢኮኖሚ ሚኒስትር እናገራለሁ። ቦን ተማሪ ሳለሁ ፎቶውን ከጋዜጣ ቆርጬ ክፍሌ ለጥፌ ነበር። በፈረንጆቹ 1982 አንድ ሰነድ ጽፎ መንግሥት ያናጋ ሰው! እኛ ጋ እንዲህ ያለ የት አለ?

የካቲት 8
የቦርድ ስብሰባ። አምስት ነን። የማኅበራችን አባል ፍርዶስ የምግብ ሥራ ልትጀምር የአዳራሹን ወጥ ቤት ተከራይታ ለመሥራት ጠየቀች። ሊቀመንበራችን ቢሩክ እምቢ አለ። ወጥ ቤቱን እትዬ ማንያህልሻል ይዛዋለች አለ። ማን ናት? እህቱ! ስምንት ዓመት ሙሉ ሠርግ ሲሆን እሷ፣ ልደት ሲሆን እሷ… ሌላ ሰው ድስት ይዞ እንዳይገባ።
"ወርቁ፣ ይሄ ጀርመን አይደለም" አለኝ። ሁሉም ሳቁ። ደሜ ፈላ። ድምፅ የምንሰጠው እሁድ ነው።

የካቲት 10
እኔም ሰነድ ጻፍኩ። ሦስት ገጽ። ወጥ ቤቱ ለሁሉም ይከፈት የሚል። ቢሩክ በቴሌግራም ምን መለሰ? አውራ ጣት። አውራ ጣት! ወንድ ልጄን ክርስትና ያነሳ ሰው!
ከቦርዱ ለቅቄያለሁ ብዬ ጻፍኩለት። እስቲ ያለ እኔ ይሞክሩት። ነገ ተነገ ወዲያ ሽማግሌ ይልካል።

የካቲት 12
ቤቱን አጸዳሁ። አንድ ካርቶን ለስላሳ ገዛሁ። ሁለቴ እምቢ እላለሁ። በሦስተኛው እሺ፣ ግን ወጥ ቤቱ ይከፈት…
ማንም አልመጣም።

የካቲት 13
ከቦርዱ ኢሜይል ደረሰኝ። "መልቀቂያህን ተቀብለናል። ንግግርህም ለሌላ ጊዜ ተላልፏል።" ሁለት መስመር! ውሻ እንኳን እንዲህ አይባረርም። ለምኑኝ አላልኩም… ብያለሁ እንዴ?
ለልጄ ለሩሃማ አሳየኋት። "ዳድ፣ ዩ ኩዊት፤ ራስህ ነህ የለቀቅከው" አለች፣ ከስልኳ ቀና ሳትል።
"ሽማግሌ ይላካል እኮ!"
"ዋይ? ለምን?"
ጮህኩባት።

የካቲት 15
ፍርዶስ ኮል አደረገችኝ። "ጋሼ፣ ሁለት ለሁለት ሆነ። እኩል ሲሆን ሊቀመንበሩ ወሰኑ፣ አይሆንም አሉ።"
እኔ ብኖር ሦስት ለሁለት ነበር።
"በእርስዎ ድምፅ ተማምኜ ሥራዬን ኩዊት አድርጌ ነበር…" አለችና ተወችው። ምነው በሰደበችኝ።

የካቲት 16
ስለ ሚኒስትሩ የተጻፈውን እንደገና አነበብኩ። እኔ ደደብ ሰነዱን ብቻ ነበር የያዝኩት። ከወንበሩ ሲነሳ ብቻውን አልነበረም። አራቱም የፓርቲው ሚኒስትሮች አብረው ወጡ፣ የምክር ቤት ድምፃቸውን ይዘው። መንግሥቱ ወደቀ፣ እሱም ሦስት ሳምንት ሳይሞላ በአዲሱ መንግሥት ያው ወንበር ላይ ተመልሶ ተቀመጠ! በኋላ ለፓርቲው በገባ መዋጮ ጉዳይ ተከሶ ለቀቀ፣ ተፈረደበት፣ ደግሞ ተነሥቶ ፓርቲውን መራ። ጻድቅ አልነበረም። ግን ሰው ሳይቆጥር ከበር አይወጣም ነበር። እኔስ? ስቆጣ በሩን ብቻ ነው ያየሁት።

መጋቢት 3
ክሊቭላንድ አቬኑ፣ ቢሩክ ሱቅ ገባሁ።
"ልትመለስ ነው?" አለኝ ፈገግ ብሎ።
"የቦርድ ምርጫው ሰኔ ላይ ነው። ፍርዶስ ትወዳደራለች። የምቀሰቅስላት እኔ ነኝ።"
ፈገግታው ጠፋ። አሁንም ተናድጃለሁ፣ ግን ቤት መቀመጥ ትቻለሁ። እስካሁን አሥራ አንድ ቤት አንኳኳሁ። በየቤቱ ያው ጥያቄ ነው፦ "ድምፅ ሲሰጥ አንተ የት ነበርክ?"
ቤቴ ቁጭ ብዬ እስክለመን ስጠብቅ ነበር እላለሁ። አሥራ አንዴ አልኩት። አልለመድኩትም።